የነዳጅ ኩባንያው ስም ከሙዚየሙ ግድግዳ እንዴት ወረደ፦ የአንድ የጥበብ ዘመቻ የጉዳይ ጥናት

ጥበብ ካፒታሊዝምን መፈታተን ይችላል ወይ የሚለው ክርክር አብዛኛውን ጊዜ አየር ላይ ተንጠልጥሎ ይቀራል። አንዱ ወገን ጥበብ ሕሊና ያነቃል ይላል። ሌላው ደግሞ ሥዕል የማንንም ካዝና ከፍቶ አያውቅም ብሎ ይሳለቃል። ሁለቱም ማስረጃ ሳያቀርቡ ይለያያሉ። ይህን ጉዳይ ለመመዝገብ የመረጥኩት መነሻውም መድረሻውም ስለሚታወቅ፣ የገንዘቡም ልክ በችሎት ውሳኔ አደባባይ ስለወጣ ነው። ውጤቱ ዛሬም ማከራከሩ ደግሞ ይበልጥ ጠቃሚ ያደርገዋል።

ጉዳዩ የሚመለከተው በለንደን የሚገኘውን የቴት ሙዚየምን፣ ለ26 ዓመት ስፖንሰሩ የነበረውን የነዳጅ ኩባንያ ቢፒንና ሊበሬት ቴት የሚባለውን የጥበበኞች ስብስብ ነው። የተቋማቱ ስም በአደባባይ የታወቀ ስለሆነ እጠራዋለሁ፤ በጉዳዩ ውስጥ ያለፉትን ግለሰቦች ግን በስም አላነሳም። ወራቱም ዓመታቱም እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ዳራ

ቴት በ1897 ሚልባንክ በተባለው የለንደን ሰፈር ሲከፈት ሕንፃውንም የመጀመሪያዎቹን ሥዕሎችም የሰጠው በስኳር ንግድ የከበረ ሰው ነበር። ሙዚየሙ ዛሬም የሚጠራው በዚሁ ሰው ስም ነው። የሀብታም ገንዘብና የሕዝብ ጥበብ በዚህ ተቋም ውስጥ ከልደቱ ጀምሮ አብረው ኖረዋል ማለት ነው፤ ነዳጁ ያመጣው አዲስ ነገር አይደለም።

ሙዚየሙ አሁን አራት ቅርንጫፎች አሉት። ለዚህ ጉዳይ የሚያስፈልጉን ለንደን ውስጥ ያሉት ሁለቱ ናቸው፦ በመጀመሪያው ሕንፃ ውስጥ ያለው ቴት ብሪትንና በ2000 በቴምዝ ወንዝ ዳር የተከፈተው ቴት ሞደርን። ቴት ሞደርን ያረፈው በ1981 ሥራ ባቆመ የኤሌክትሪክ ማመንጫ ውስጥ ነው። ማመንጫው በነዳጅ ዘይት ይሠራ ነበር፤ ዘይቱ ይከማችባቸው የነበሩት የምድር ውስጥ ታንከሮች ሳይቀሩ በ2012 የትርኢት ክፍሎች ሆነዋል። ተርባይኖቹ የነበሩበት ቦታ ተጠርጎ ከ150 ሜትር በላይ የሚረዝም አዳራሽ ወጥቶታል። ማንም ሰው ሳይከፍል ይገባል፣ ልጆች ወለሉ ላይ ይንከባለላሉ፣ ቱሪስት አንገቱን ቀና አድርጎ ጣሪያውን ያያል። ከታሪካችን ግማሽ ያህሉ የተፈጸመው በዚህ አዳራሽ ውስጥ ነው።

ቢፒ ቴትን መደገፍ የጀመረው በ1990 ነው። ልውውጡ ቀላል ነው፦ ኩባንያው በየዓመቱ ገንዘብ ይሰጣል፣ በምትኩ አርማው መግቢያው ላይ፣ በኤግዚቢሽን ርዕሶች ውስጥና በኅትመቶች ላይ ይወጣል፣ እንግዶቹንም በሥዕሎቹ መካከል ያስተናግዳል። ከዚህ ሁሉ የሚበልጠው ጥቅም ግን በውሉ ላይ አይሰፍርም። ማዕድንና ነዳጅ የሚያወጡ ኩባንያዎች ከመንግሥት ከሚያገኙት ፈቃድ ሌላ የማኅበረሰብ ይሁንታ የሚሉት ነገር አላቸው፤ ሕዝቡ ሥራቸውን እንደ ተራ ነገር ቆጥሮ ዝም የሚልበት ሁኔታ ነው። ሙዚየም ይህን ይሁንታ ከሚሰጡ ቦታዎች ዋነኛው ነው። በሚያከብረው ቤት ውስጥ የሚያከብረውን ሥዕል ሊያይ የመጣ ሰው ግድግዳው ላይ ካለው አርማ ጋር ለመጣላት አይመጣም።

ችግሩ

ለላይ ተመልካች ነገሩ የአንድ አረንጓዴና ቢጫ ምልክት ጉዳይ ይመስላል። ምልክት ደግሞ ማንንም አይነክስም።

ዋናው ችግር ከምልክቱ ጀርባ ያለው እምነት ነበር። የሙዚየሙ ወጪ የሚሸፈነው ከመንግሥት ድጎማ፣ ከአባላት መዋጮ፣ ከቲኬት፣ ከሱቅና ከልዩ ልዩ ለጋሾች ነው። ያም ሆኖ ኩባንያዎቹ ባይኖሩ ጥበብ አይኖርም ነበር የሚለው አስተሳሰብ በአስተዳደሩም፣ በጋዜጠኛውም፣ በብዙ ጎብኚም ዘንድ ሥር ሰዶ ነበር። ይህን እምነት ያረጋገጠ ሰው አልነበረም፤ ማረጋገጥም አይቻልም ነበር፣ ምክንያቱም ቢፒ ስንት እንደሚሰጥ ሙዚየሙ በይፋ አይናገርም ነበር። ሰው የማያውቀውን ገንዘብ ትልቅ አድርጎ ያስባል። በእኔ አስተያየት የጉዳዩ እምብርት ይህ ነው፤ የኩባንያው ትልቁ ሀብት ገንዘቡ ሳይሆን ሕዝቡ ስለ ገንዘቡ በአእምሮው የሳለው ሥዕል ነበር። እንዲህ ያለውን ነገር ለማፍረስ ደግሞ የምናብ ሥራ ያስፈልጋል።

ከእምቢታ የተወለደ ቡድን

በጃንዋሪ 2010 ቴት ሞደርን በጥበብና በሕዝባዊ እምቢተኝነት ላይ ወርክሾፕ እንዲሰጡለት ጥበበኞችን ጋበዘ። ከወርክሾፑ በፊት ለአሠልጣኞቹ ከሙዚየሙ ኢሜይል ደረሳቸው፤ በሙዚየሙና በስፖንሰሮቹ ላይ ያነጣጠረ ተቃውሞ በዚህ መድረክ ሊስተናገድ አይችልም የሚል ነበር። አሠልጣኞቹ ደብዳቤውን ኪሳቸው አልከተቱትም። ለተሳታፊዎቹ አሳዩአቸውና ምን ይሻላል ብለው ጠየቁ። ስለ እምቢተኝነት ሊማር ለመጣ ሰው ከዚህ የተሻለ የመማሪያ ጽሑፍ አይገኝም። ወርክሾፑ ሲያበቃ በሕንፃው የላይኛው ፎቅ መስኮቶች ላይ በትላልቅ ፊደላት “ጥበብ እንጂ ነዳጅ አይደለም” የሚል ጽሑፍ ተለጥፎ ታየ። ሊበሬት ቴት፣ ማለትም “ቴትን ነፃ አውጡ” የተባለው ቡድን የተመሠረተው ከእነዚሁ ተሳታፊዎች ነው።

ከሦስት ወር በኋላ፣ ኤፕሪል 20 ቀን 2010፣ ለቢፒ ይቆፍር የነበረው፣ ዲፕዎተር ሆራይዘን የተባለው የባሕር ላይ የነዳጅ መቆፈሪያ መድረክ በሜክሲኮ ባሕረ ሰላጤ ፈነዳ። 11 ሠራተኞች ሞቱ፤ ጉድጓዱም ለ87 ቀናት ባሕሩ ውስጥ ዘይት ሲተፋ ቆየ። ቡድኑ ገና ሳይጠና ዓለም ሁሉ ስለ ስፖንሰሩ ማውራት ጀመረ።

የመጀመሪያው ዙር፦ ዘይት በወለል ላይ

በሜይ 2010 ቴት ሞደርን አሥረኛ ዓመቱን ሲያከብር የቡድኑ አባላት የሞቱ ዓሦችና ወፎች የታሰሩባቸውን ጥቁር ፊኛዎች በተርባይን አዳራሹ ለቀቁ። ፊኛዎቹ ጣሪያ ሥር ተሰቅለው ቀሩ፤ ማውረዱም የዋዛ ሥራ አልነበረም።

በጁን ደግሞ ቴት ብሪትን የቢፒን 20ኛ የስፖንሰርነት ዓመት ምክንያት በማድረግ የበጋ ግብዣ አዘጋጀ። ባሕሩ ውስጥ ዘይቱ ገና እየፈሰሰ ነበር። አበባ ያለበት ቀሚስ የለበሱ ሁለት ሴቶች ከእንግዶች ጋር ተቀላቅለው ገቡ። በቀሚሳቸው ሥር ድፍድፍ ነዳጅ የሚመስል ሞላሰስ በከረጢት ታስሮ ነበር። ድንገት ከረጢቱ ተቀደደና ጥቁሩ ፈሳሽ በተወለወለው ወለል ላይ፣ መጠጥ በያዙ እንግዶች እግር ሥር ተዘረጋ። ሴቶቹ ደንገጥ ብለው ይቅርታ እየጠየቁ፣ ከአዳራሹ ስፋት ጋር ሲነጻጸር የፈሰሰው ኢምንት ነው እያሉ ለማጽዳት ሞከሩ። ንግግሩ የተቀዳው ከኩባንያው የወቅቱ ዋና ሥራ አስፈጻሚ አፍ ነበር፤ እሱም ባሕረ ሰላጤው እጅግ ሰፊ ስለሆነ የፈሰሰው ዘይት ከውሃው አንጻር ጥቂት ነው ብሎ በጋዜጣ ተናግሮ ነበር። በር ላይ ደግሞ ሌሎች አባላት ጥቁር ለብሰው ያንኑ ፈሳሽ ከበርሜል እያፈሰሱ ላባ ይበትኑበት ነበር።

አደጋው በደረሰ በዓመቱ፣ ኤፕሪል 2011፣ ሌላ ክዋኔ ቀረበ። ቴት ብሪትን ውስጥ በሰው አካል ላይ ያተኮረ የቅርጻ ቅርጽ ትርኢት ነበር። ከሐውልቶቹ መካከል አንድ ራቁቱን የሆነ ሰው በማኅፀን እንዳለ ሕፃን ተጠቅልሎ ወለሉ ላይ ተኛ፤ ፊታቸውን በጥቁር መጋረጃ የሸፈኑ ሁለት ሰዎች ዘይት መሰል ጥቁር ፈሳሽ አፈሰሱበት። ሰውየው ለ87 ደቂቃ እዚያው ቆየ፤ ዘይቱ ለፈሰሰበት ለእያንዳንዱ ቀን አንድ ደቂቃ መሆኑ ነው። ብዙ ጎብኚዎች የትርኢቱ አካል መስሏቸው ቆመው ተመለከቱ፤ የትርኢቱ አካል አይደለም ለማለትም አስቸጋሪ ነበር።

ፎቶዎቹ ብዙ ቦታ ተሠራጩ፤ ከመቶ በላይ የጥበብ ሰዎችም ስፖንሰርነቱን የሚቃወም ደብዳቤ በጋዜጣ አወጡ። ነገር ግን ይህ ሁሉ ከሆነ በኋላ፣ በ2011 መጨረሻ፣ ቢፒ ቴትን ጨምሮ ለአራት ታላላቅ የባህል ተቋማት የ10 ሚሊዮን ፓውንድ የአምስት ዓመት ውል አደሰ። በዚህ ዙር የሚታየው ውጤት ይህ ነው። ሞላሰሱ ዜና ሆነ፤ ውሉ ግን አልተነካም።

ሁለተኛው ዙር፦ ስጦታው

ቀጣዩ ትልቅ ክዋኔ ከቀደሙት የተለየ መንፈስ ነበረው። በጁላይ 2012 ከመቶ በላይ ሰዎች 16.5 ሜትር የሚረዝም፣ 1.5 ቶን የሚመዝን የነፋስ ተርባይን ክንፍ በሦስት ተቆራርጦ እንደ ቃሬዛ በትከሻቸው ተሸክመው የቴምዝን የእግረኞች ድልድይ ተሻገሩ። በቴት ሞደርን በር ገብተው ክፍሎቹን በተርባይን አዳራሹ ወለል ላይ ገጣጠሟቸው። ዘይት ይነድበት በነበረው ሕንፃ፣ ተርባይን ተነስቶ በሄደበት ቦታ፣ ሌላ ዓይነት ተርባይን አስቀመጡ። ማብራሪያ የሚጠይቅ ነገር አልነበረውም።

የክዋኔው ብልሃት ያለው ግን ከክንፉ ጋር በመጣው ወረቀት ውስጥ ነው። ቡድኑ ዕቃውን ጥሎ አልሄደም። በ1992 የወጣውን የሙዚየሞችና የጋለሪዎች ሕግ ጠቅሶ ለሕዝብ የተበረከተ የጥበብ ሥራ መሆኑን በጽሑፍ አስታወቀ። በዚህ ሕግ መሠረት ስጦታ ሲቀርብ የመቀበልና ያለመቀበል ውሳኔ የቦርዱ ነው። ጥበቃ ሠራተኛ ጎትቶ የሚያወጣው ዕቃ በአንድ ጊዜ የቦርድ አጀንዳ ሆነ። ቴት ስጦታውን አልተቀበለም። ቢሆንም የነዳጅ ገንዘብ የሚቀበል ተቋም የነፋስ ክንፍ አልቀበልም ማለቱ በራሱ የሥራው ክፍል ሆኖ ተመዘገበ።

ለእኔ ከሁሉም ክዋኔዎች የሚልቀው ይህ ነው። የመጀመሪያዎቹ ምን እንደተበላሸ ያሳዩ ነበር፤ ይህኛው ምን ሊመጣ እንደሚችል አሳየ። ሰው ዘይቱን አይቶ ይደነግጥና ወደ ቤቱ ይሄዳል። ክንፉን ሲያይ ግን ለምን አይሆንም ብሎ መጠየቅ ይጀምራል።

ሦስተኛው ዙር፦ ወረቀቱና ቁጥሩ

ከክዋኔዎቹ ጎን ለጎን፣ ካሜራ በማያየው ቦታ ሌላ ሥራ ይካሄድ ነበር። በ2012 ከዘመቻው ጋር የሚሠሩ ሰዎች የብሪታንያን የመረጃ ነፃነት ሕግ በመጠቀም ቢፒ ለቴት የሰጠውን ገንዘብ መጠንና የውሳኔ ቃለ ጉባኤዎችን ጠየቁ። ሙዚየሙ የሰጣቸው ብዙ ቦታው በጥቁር የተሸፈነ ሰነድ ነበር። ጉዳዩ ወደ መረጃ ኮሚሽነር፣ ከዚያም ወደ መረጃ መብት ችሎት ሄደ። ቴት ካቀረባቸው መከራከሪያዎች አንዱ መጠኑ ቢገለጽ ተቃውሞው ሊባባስ ይችላል የሚል ነበር። ችሎቱ ይህን አልተቀበለውም።

ጥበበኞቹ የተሸፈነውን ሰነድ ዝም ብለው አልጠበቁም። በሴፕቴምበር 2014 ቴት ሞደርን የሩሲያዊውን ሠዓሊ የካዚሚር ማሌቪችን ሥራዎች እያሳየ ነበር፤ በ1915 የሣለው ጥቁር ካሬ የዘመናዊ ጥበብ ምልክት ሆኗል። ከመቶ በላይ ሰዎች 64 ካሬ ሜትር የሚሰፋ ጥቁር ጨርቅ በተርባይን አዳራሹ ዘርግተው ጠርዙን በመያዝ ወደ ላይና ወደ ታች እያወዛወዙ ቆሙ። ሰነዱ ላይ የነበረው ጥቁር ሳጥን ሰው ከሥሩ የሚገባበት ግዙፍ ካሬ ሆነ። የቢሮ ወረቀት ላይ ያለን መሸፋፈን ለሕዝብ ማሳየት ከባድ ነው፤ እነሱ ከፎቁ የተሰቀለውን የሠዓሊ ሥራ ተውሰው አሳዩት።

በዲሴምበር 2014 ችሎቱ መረጃው እንዲሰጥ ወሰነ፤ በጃንዋሪ 2015 ቁጥሩ ወጣ። ከ1990 እስከ 2006 ባሉት 17 ዓመታት ቢፒ ለቴት የሰጠው በጠቅላላው 3.8 ሚሊዮን ፓውንድ ነበር። በአማካይ በዓመት 224 ሺህ ፓውንድ ማለት ነው፤ ዝቅተኛው 150 ሺህ፣ ከፍተኛው 330 ሺህ። ከሙዚየሙ ዓመታዊ በጀት 1 በመቶ እንኳ አይሞላም።

የዘመቻው ሚዛን የተገለበጠው እዚህ ላይ ነው ብዬ አምናለሁ። ለሩብ ምዕተ ዓመት ሲነገር የነበረው ታሪክ ኩባንያው ባይኖር ሙዚየሙ ይዘጋል የሚል ነበር። ቁጥሩ ሲወጣ ጥያቄው ዞረ፤ ለዚህች ገንዘብ ነው እንዴ ሁሉም ግድግዳ የተሰጠው? ከዚያ በፊት ከወጡት ቃለ ጉባኤዎች ደግሞ ሙዚየሙ ራሱ በ2010 ቢፒን ይዞ መቀጠል ለስሙ ከፍተኛ አደጋ እንዳለው መዝግቦ እንደነበር ታወቀ። አደጋውን አይተውታል፣ መዝግበውታል፣ ቀጥለውበታል።

አራተኛው ዙር፦ ከሰልና ንቅሳት

በጁን 2015 ጥቁር የለበሱ 75 ያህል ሰዎች የቴምዝ ወንዝ ውሃ ከባሕሩ ጋር በሚሞላበት ሰዓት ገብተው በማግስቱ ውሃው እንደገና እስኪሞላ፣ ለ25 ሰዓት ያህል በተርባይን አዳራሹ ቆዩ። በተዳፋቱ ወለል ላይ ስለ አየር ንብረት፣ ስለ ጥበብና ስለ ነዳጅ ከተጻፉ መጻሕፍት የተወሰዱ አንቀጾችን በከሰል ጻፉ፤ ጽሑፉ እንደሚሞላ ውሃ ከታች ወደ ላይ ወጣ። ሌሊቱንም እዚያው አደሩ። አስተዳደሩ በኃይል አላስወጣቸውም፤ ከአምስት ዓመት በፊት ከነበረው ሁኔታ ጋር ሲተያይ ይህ ትንሽ ነገር አይደለም።

በዚያው ዓመት ኖቬምበር፣ የፓሪሱ የአየር ንብረት ጉባኤ ሊከፈት ጥቂት ቀናት ሲቀሩት፣ ከ30 በላይ ሰዎች የንቅሳት መሣሪያ ይዘው በቴት ብሪትን የ1840ዎቹ ሥዕሎች ክፍል ተቀመጡ። በተወለዱበት ዓመት በአየር ውስጥ የነበረውን የካርቦን ዳይኦክሳይድ መጠን፣ ማለትም ከአንድ ሚሊዮን የአየር ክፍል ስንቱ እንደሆነ፣ እርስ በርስ በቆዳቸው ላይ ነቀሱ። በ1980 የተወለደ ሰው ከ340 ትንሽ ያነሰ ቁጥር ይደርሰዋል፤ በ2015 ቁጥሩ 400 አልፎ ነበር። የሁለት ሰዎች ክንድ ጎን ለጎን ሲቀመጥ የአንድ ትውልድ ልዩነት በዓይን ይታያል።

በማርች 2016 ቢፒ ከቴት ጋር ያለው ስፖንሰርነት በ2017 ውሉ ሲያበቃ እንደማይታደስ ተገለጸ። 26 ዓመት የኖረው ግንኙነት ተቋጨ።

የሠራው

ክዋኔዎቹ ለቦታው የተሰፉ ነበሩ። ሐውልት ባለበት አካል፣ ተርባይን በነበረበት ተርባይን፣ ጥቁር ካሬ በተሰቀለበት ጥቁር ካሬ። ሙዚየሙ ጥበብ አይደለም ብሎ ሊያጣጥላቸው ቢሞክር በአዳራሹ ከሚያሳየው ከግማሹ ጋር መጣላት ነበረበት። ተቋሙ በሚያውቀው ቋንቋ ስለተናገሩ መልስ አሳጡት። ሜጋፎን ይዞ በር ላይ የቆመ ሰልፈኛ ይህ ዕድል የለውም፤ ከነጭራሹ የማይሰማ ድምፅ ይሆናል።

ቀጥሎ የጥበቡና የሕጉ መጋጠም። መረጃውን የጠየቁት ብቻቸውን ቢሆኑ ኖሮ 224 ሺህ ፓውንድ የሚለው ቁጥር በአንድ ቀን ዜና ያልፍ ነበር። ጥበበኞቹም ብቻቸውን ቢሆኑ በ2011 እንዳየነው ውሉ ይታደስ ነበር። ቁጥሩ የሚያርፍበት ሥዕል በሕዝብ ጭንቅላት ውስጥ ተዘጋጅቶ ቆየው።

ትዕግሥቱም አለ። ስድስት ዓመት በአንድ ጥያቄ ላይ መቆም ለተሟጋች ቡድን ብርቅ ነው። ጥያቄያቸውም ሁልጊዜ ያው ነበር፤ ይህን ውል አታድሱ። ካፒታሊዝም ይውደም ቢሉ ኖሮ ማንም ሰው መቼ እንዳሸነፉና መቼ እንደተሸነፉ ሊነግራቸው አይችልም ነበር።

ያልሠራውና አጠያያቂው

ኩባንያው ውሉን ያቆመው በተቃውሞው ምክንያት መሆኑን አላመነም፤ እጅግ አስቸጋሪ ባለው የንግድ ሁኔታ ነው ያመካኘው። ይህ ባዶ ሰበብ አይደለም። በ2014 አጋማሽ ከ100 ዶላር በላይ የነበረው የበርሜል ነዳጅ ዋጋ በ2016 መጀመሪያ ከ30 ዶላር በታች ወርዶ ነበር፤ ኩባንያውም ለ2015 በቢሊዮኖች የሚቆጠር ዶላር ኪሳራ አስታውቋል። በሌላ በኩል ግን በዓመት ጥቂት መቶ ሺህ ፓውንድ ለእንዲህ ያለ ኩባንያ የኪስ ገንዘብ ነው። ይባስ ብሎ በዚያው ዓመት ጁላይ ለብሪቲሽ ሙዚየም፣ ለብሔራዊ የቁም ሥዕል ጋለሪ፣ ለሮያል ኦፔራ ሃውስና ለሮያል ሼክስፒር ኩባንያ 7.5 ሚሊዮን ፓውንድ ለአምስት ዓመት መድቧል። ገንዘብ አልቆበት ከሆነ ይህን ከየት አመጣው? ተቃውሞው ለብቻው አላስወጣውም፤ ችግር በመጣ ጊዜ ከየትኛው ቤት መውጣት እንደሚቀል ግን ወስኗል። ከዚህ በላይ ማለት ከማስረጃው ማለፍ ይሆናል።

የመደብ ጉዳይም አለ። የማሌቪችን ካሬ አውቆ ቀልዱን የሚረዳ ሰው በአብዛኛው የተማረ፣ ሙዚየም ሲገባ የማይሸማቀቅ ሰው ነው። ወለሉ ላይ ጥቁር ነገር ሲፈስ መጥረጊያ ይዞ የሚመጣው ደግሞ ሌላ ሰው ነው፤ ስለ ካፒታሊዝም የሚናገር ጥበብ ደመወዝተኛውን የጽዳት ሠራተኛ ሳያስብ መቅረት የለበትም። በኋላ የመጡት ክንፉ፣ ጨርቁና ንቅሳቱ ለማንም የሚጠረግ ነገር አለመተዋቸውን እንደ መሻሻል አየዋለሁ። ከሰሉ ግን መጠረጉ አልቀረለትም።

ሦስተኛው ከሁሉም ይከብዳል። ዘመቻው ያነሳው አንድን ስፖንሰር እንጂ ስፖንሰርነትን አይደለም። ሙዚየሙ ከነዳጅ ተላቆ ከባንክ ወይም ከመኪና አምራች ገንዘብ መቀበሉን የሚከለክለው ነገር የለም። የሕዝብ ሙዚየም በሕዝብ ገንዘብ እንዴት ይተዳደር የሚለው ጥያቄ ክንፉን በተሸከሙት ሰዎች ትከሻ ላይ አልነበረም።

ወደ ሌላ ቦታ የሚወሰደው

ከዚህ ጉዳይ የሚማር ቡድን መጀመሪያ ማድረግ ያለበት ግዙፉ ሥርዓት ሕዝብ በየቀኑ ከሚረግጠው ቦታ ጋር የሚነካካበትን አንድ መጋጠሚያ መፈለግ ነው። የነዳጅ ጉድጓዱ ሩቅ ነው፤ ሙዚየሙ ግን ቅዳሜ ልጅ ይዘው የሚሄዱበት ነው። መጋጠሚያው ሲገኝ ደግሞ በቀን የተወሰነ፣ አዎ ወይም አይደለም ተብሎ የሚመለስ ጥያቄ ይኑረው።

ገንዘቡን መጠየቅ ከሥዕሉ እኩል ይቅደም። ሊበሬት ቴት ቁጥሩን ያገኘው አምስት ዓመት ዘግይቶ ነው። የመረጃ ሕግ ባለበት አገር ማመልከቻው በመጀመሪያው ሳምንት ቢገባ ኪሳራ የለውም። የሕግ በር በሌለበት ደግሞ መደበቁ ራሱ የሥራው ርዕስ ሊሆን እንደሚችል ጥቁሩ ጨርቅ አሳይቷል።

ከተቻለ ተቋሙን የራሱን ደንብ እንዲጠቀም ማስገደድ። ስጦታውን እንደገና አስቡት፤ እምቢ ማለትም እሺ ማለትም ለቡድኑ ይጠቅም ነበር። ሁለቱም መልሶች ጠያቂውን የሚረዱበትን ጥያቄ መፈልሰፍ ከትልቅ ጨርቅ መስፋት የበለጠ ጊዜ ሊወስድ ይችላል፤ ጊዜውን መስጠት ያዋጣል።

ዘዴው በሌሎች ቤቶች ተሞክሯል። ሮያል ሼክስፒር ኩባንያ በ2019፣ በአየር ንብረት ጉዳይ ትምህርት እያቆሙ ሰልፍ የሚወጡ ወጣቶች ቲያትሩን እንደማይረግጡ ከጻፉ በኋላ ከቢፒ ተለየ። ብሔራዊ የቁም ሥዕል ጋለሪ በ2022 ከ30 ዓመት በላይ የኖረው ግንኙነት ማብቃቱን አስታወቀ። ብሪቲሽ ሙዚየም ግን በዲሴምበር 2023 ለሕንፃው እድሳት ከቢፒ 50 ሚሊዮን ፓውንድ ለአሥር ዓመት መቀበሉን ገለጸ። በዓመት 5 ሚሊዮን ነው፤ ከቴቱ አማካይ ከሃያ እጥፍ በላይ። እዚያ ላይ ለዚህች ገንዘብ ነው እንዴ የሚለው ክርክር አይሠራም፤ ገንዘቡ ኢምንት አይደለም፣ መጠኑም ተደብቆ አልቆየም። ያንን ውል የሚፈታተን ሰው ከቴት ዘመቻ ሁለተኛውን ዙር እንጂ ሦስተኛውን መቅዳት አይችልም፤ ለተባለው እድሳት 50 ሚሊዮን ከሌላ ከየት እንደሚመጣ በሰው ዓይን ፊት ማቆም ይጠበቅበታል። እስካሁን ያየናቸው ክዋኔዎች እዚህ አልደረሱም።